የማዶ ሰዎች አምስት ወረቀት

ሰንጠረዡን የሣልኩት እኔ ነኝ። በትልቅ ነጭ ወረቀት ላይ በማስመሪያ እየለካሁ ሦስት ዓምዶች አቆምኩና ቀለም ቀባኋቸው። ለውሃ ቦኖው ሰማያዊ፣ ለእግረኛ ድልድዩ አረንጓዴ፣ ለገበያው መጸዳጃ ቤት ቡናማ። ቡናማውን ስቀባ ሱፐርቫይዘራችን፣ “ይኼን ቀለም ማን መረጠልሽ?” ብሎ ሳቀ። ሰማያዊው ከአረንጓዴው በሁለት ጣት ያህል ይረዝም ነበር። ሁለቱ ጣት ከየት እንደመጣ የማውቀው ግን እኔ ብቻ ነበርኩ።

አሁን የዩኒቨርሲቲ የመጀመሪያ ዓመት ተማሪ ነኝ። ያን ጊዜ የአሥራ ሁለተኛ ክፍል ፈተና ጨርሼ ደባርቅ እናቴ ቤት ምደባ እጠብቅ ነበር። ክረምት ነው። አንድ የልማት ድርጅት በዳባትና በደባርቅ መካከል ባለ አንድ ቀበሌ የሕዝብ አስተያየት የሚሰበስቡ ወጣቶች ፈለገ፤ ተመዘገብኩና ተቀበሉኝ። ድርጅቱ በዚያ ዓመት መሥራት የሚችለው አንድ ነገር ብቻ ስለነበር የመጠይቁ ዋና ጥያቄ አንድ ነበር፤ ከሦስቱ የቱ ይቅደም?

በሥልጠናው ላይ የተነገረንን እስካሁን በቃሌ እወጣዋለሁ። የምንጠይቃቸው ቤቶች በዕጣ የወጡ ናቸው። አንዱን ቤት በሌላ መተካት ክልክል ነው። ሰው ካልተገኘ “አልተገኘም” ተብሎ ይጻፋል። ይህችን የመጨረሻዋን በደብተሬ ላይ ሁለት ጊዜ አሰመርኩባት። ሱፐርቫይዘሩ ጥያቄ ሲጠይቅ ቀድሜ የምመልሰው እኔ ስለነበርኩ “ጎበዟ” ይለኝ ጀመር፤ ከዚያ በኋላ በስሜ ጠርቶኝ አያውቅም። ደስ ይለኝ ነበር። አሁን ሳስበው ስህተቱ የጀመረው ከዚያች ደስታ ነው።

ከደረሱኝ ቤቶች አምስቱ ከወንዙ ማዶ ነበሩ። የመንገድ ዳሩ ሰው “ማዶዎች” ይላቸዋል። በበጋ ከአስፋልቱ ተነስቶ ቁልቁለቱን ወርዶ፣ ድንጋይ ድንጋዩን ረግጦ መሻገር ነው። በክረምት ግን ወንዙ ጭቃ መስሎ፣ ግንድ እያንከባለለ ይወርዳል። እኔ የደረስኩ ቀን ከሰዓት በኋላ ነበር፤ ከላይ ዝናብ ጥሎ ስለነበር ወንዙ ሞልቷል። በማዶው ዳርቻ አንዲት ሴት ልብስ ታጥባለች። አርባ ዓመት ቢሆናት ነው።

“እትዬ!” ብዬ ጮኽኩ።

“ወዬ! የማን ልጅ ነሽ?”

“ለጥናት ነው የመጣሁት! ጥያቄ ልጠይቅዎት ነው!”

“ምን?”

“ጥያቄ!”

“ታዲያ ከዚያ ሆነሽ ነው የምትጠይቂኝ? ከእኔ ጋር ተጣልተሻል እንዴ? ተሻገሪና እንነጋገር!” እየሳቀች ነው።

“ይወስደኛል!”

“እኛንስ?” አለች። ይህን ስትል አልሳቀችም።

የቤቷን ቁጥር በጩኸት ነገረችኝ፤ በዕጣ ከወጡት አምስቱ ቤቶች አንዱ ነው። ጥያቄውን ልጀምር ብዬ ሞከርኩ፤ ግማሹን ወንዙ ዋጠው። በመጨረሻ እጇን አፏ ላይ እንደ ጡሩምባ አድርጋ፣ “ማለዳ ይጎድላል! ነገ ማለዳ ነይ፣ እጅሽን ይዤ አሻግርሻለሁ! የሌሎቹንም ቤት እኔው አሳይሻለሁ!” አለችኝ።

“እሺ፣ እመጣለሁ!”

አልሄድኩም። ዝናብ አድሮ ነበር፤ እግሬም ተላልጧል። ዋናው ምክንያት ግን እነዚህ አይደሉም። ሱፐርቫይዘሩ በዚያ ማለዳ ደውሎ፣ “ሌሎቹ ገና ግማሽ ላይ ናቸው፤ አንቺ ግን ዛሬ እንደምትጨርሺ ለአለቆቼ ነግሬያለሁ። አታሳፍሪኝ ጎበዟ” አለኝ። “ወንዝ ሞልቶብኝ አምስት ቤት ቀርቶኛል” ማለት ነበረብኝ። “እሺ ጋሼ፣ እየጨረስኩ ነው” አልኩት።

አስፋልቱ ዳር ካለች አንዲት ሻይ ቤት ገባሁ። ወደ ዳባት የሚሄድ መኪና የሚጠብቁ ሰዎች ነበሩ። ከእነሱ አምስቱን ተራ በተራ ጠየቅኳቸው። ጨርቅ ነጋዴ የሆኑ አንድ አባት፣ “እኔ የዚህ ቀበሌ ሰው አይደለሁም፤ ሐሳቤ ለምን ይጠቅምሻል?” አሉኝ። “ግድ የለም አባባ፣ ሐሳብ ሐሳብ ነው” አልኳቸው። አምስቱም ቦኖ አሉ። መንገድ ዳር ሲጠማው የሚውል ሰው ሌላ ምን ይላል? በየወረቀቱ አናት ላይ የማዶዎቹን ቤት ቁጥር ጻፍኩ። መልሶቹን እኔ አልፈጠርኳቸውም፤ ሰው ጠይቄ ነው የሞላሁት ብዬ ራሴን አጽናናሁ። ወረቀቶቹን ሳስረክብ ሱፐርቫይዘሩ ለጓደኞቼ ከፍ አድርጎ አሳያቸው። “ሥራ ማለት እንዲህ ነው!”

ከመስቀል በኋላ ውጤቱ በቀበሌው አዳራሽ ሊነገር ስብሰባ ተጠራ። እንደ ሽልማት ሆኖ ሰንጠረዡን ይዤ ፊት የምቆመው እኔ ነበርኩ። ወረቀቱ ከመዘርጋቱ በፊት አዳራሹ በክርክር ደምቋል። አንዱ ቦኖ ይላል፤ አንዱ ድልድይ ይላል። የመጸዳጃ ቤቱን ነገር ያነሳ ሰው ሲገኝ ሁሉም ይስቃል። ወረቀቱን ስዘረጋ ግን ዝም አሉ። ማንበብ የማይችሉትም የትኛው ዓምድ እንደሚረዝም ያያሉ። ነጭ የጠመጠሙ አንድ ሽማግሌ ከተቀመጡበት ተነሱ።

“እኔ እንኳ ድልድይ ነበር ያልኩት” አሉ። “ሕዝቡ ቦኖ ካለ ግን ብቻዬን ምን ልሁን? ከሰው አልለይም።”

ከዚያ በኋላ ድልድይ ሲሉ የነበሩት አንድ በአንድ እጃቸውን ለቦኖ አወጡ። የሰውን ሐሳብ ለማወቅ የሠራነው ወረቀት ዓይኔ እያየ የሰውን ሐሳብ ለወጠው። ክንዴ ዛለብኝ፤ ወረቀቱን ግን አላወረድኩም።

ያቺ ሴት ከኋላ ተነሳች። “ከማዶ ማን ተጠየቀ?”

ሱፐርቫይዘሩ ወረቀቶቹን ገለጠ። “አምስት ቤት ተጠይቋል እናቴ። ማን ማን እንደሆኑ አልናገርም፤ ሚስጥር ነው። ሁሉም ግን ቦኖ ይቅደም ብለዋል።”

ሴትየዋ ጎረቤቶቿን አየቻቸው። አብረዋት ቁልቁለቱን ወጥተው፣ አብረዋት አንድ አግዳሚ ወንበር ላይ ነው የተቀመጡት። ከዚያ ወደ እኔ ዞረች።

“ይቺ ልጅ እኔ ቤት አልደረሰችም። ወንዝ መልሷት ነው፤ አልፈርድባትም። በኋላ መጥታ እነዚህን ጠይቃቸዋለች ማለት ነው። አይደል ልጄ?”

አዳራሹ በሙሉ አየኝ። ሱፐርቫይዘሩም አየኝ። በአዎንታ ራሴን ነቀነቅኩ።

“አንተ ነህ!” አለች ወዲያው፣ አጠገቧ ወደተቀመጠው ጎረቤቷ ዞራ። “የእኅትህ ቤት ቦኖው የሚተከልበት ቦታ አይደል? ለእሷ አስበህ ነው!”

“እኔ? ማን ጠይቆኝ? ምን አፍ አለሽ እናንተዬ!”

“ወረቀቱ ይኸው! ወረቀት ይዋሻል?”

“እንግዲህ ያንቺ ባል ይሆናላ፣ እኔ ምን አውቃለሁ!”

“ልጄ ትምህርት ቤት የምትሄደው በዚህ ወንዝ መሆኑን እያወቅህ! የአንተም ልጅ በዚሁ ይሄዳል እኮ!”

አንዳንዱ ሳቀ። ሊቀ መንበሩ ጠረጴዛ እየደበደበ ስብሰባውን ዘጋ። ማዶዎቹ ሲወጡ አንድ ላይ አልወጡም።

ከስብሰባው በኋላ ሦስት ቀን ጠብቄ ለሱፐርቫይዘሩ ነገርኩት። ይቆጣል ብዬ ነበር፤ ፊቱ ነጣ እንጂ አልተቆጣም። “ሪፖርቱ ተፈርሞ ሄዷል። ቱቦውም ተገዝቷል” አለ። “አሁን ብትናገሪ የምታፈርሺው እኔን ነው፤ ለእነሱ ድልድይ አይሆንላቸውም።” ቢሆንም ጻፍኩ። የአምስቱን ወረቀት ቁጥር ዘርዝሬ፣ ያደረግኩትን አንድ ገጽ ሙሉ በሁለት ቅጂ ጽፌ አንዱን ለድርጅቱ አንዱን ለቀበሌው ሰጠሁ። የቀበሌው ጸሐፊ አንብቦ ሲጨርስ፣ “ድልድዩ በሚቀጥለው በጀት ይታያል” ብሎ ፋይል ውስጥ አስገባው። ሱፐርቫይዘሩ ስልኬን ማንሳት ተወ። “ጎበዟ” የሚለኝም ቀረ።

ዩኒቨርሲቲ ልገባ ሁለት ሳምንት ሲቀረኝ፣ ኅዳር ውስጥ፣ ወደ ማዶ ወረድኩ። ወንዙን ጫማዬን ሳላወልቅ በድንጋይ ላይ ተሻገርኩት። ሴትየዋ ገብስ እያጨደች ነበር፤ አብሯት የሚያጭድ ሰው የለም። ባሏ ያጨደችውን ሰብስቦ ይከምራል።

“መጣሽ?” አለችኝ፣ ቀና ብላ። “ያን ማለዳ እኮ በትር ይዤ ፀሐይ እስኪሞቅ ጠበቅኩሽ። አሟት ይሆናል አልኩ።”

ልጇ የት እንዳለች ጠየቅኳት። ደባርቅ ቤት ተከራይተውላት ከሁለት ልጆች ጋር ትኖራለች። መስከረም ላይ ስምንት ቀን ከትምህርት ቀርታ ነበር፤ ወንዙ በጎደለ ጊዜም እናቷ ፈርታ መልሳ ከዚህ ልታመላልሳት አልፈለገችም። “አሥራ ሦስት ዓመቷ ነው። ምን በልታ እንደምትተኛ አላውቅም” አለች።

ጎረቤቷ ከወዲያኛው ማሳ ላይ፣ እሱም ብቻውን ያጭዳል። በየዓመቱ ወንፈል ገብተው አንድ ቀን የእሷን፣ አንድ ቀን የእሱን ያጭዱ እንደነበር፣ ዘንድሮ ግን ሰላምታ እንኳ እንደሌላቸው እሷው ነገረችኝ። ከዚያ በኋላ ነው ሁሉንም የነገርኳት። ሻይ ቤቱን፣ አምስቱን መንገደኞች፣ በወረቀቱ አናት የጻፍኩትን ቁጥር፣ አዳራሽ ውስጥ የነቀነቅኩትን ራሴን።

ማጭዷን ጣለች። ትመታኛለች ብዬ አሰብኩ፤ እውነቱን ለመናገር ብትመታኝ በወደድኩ።

“ይህን የምትነግሪው ለእኔ አይደለም” አለችና ክንዴን ይዛ ወደ ጎረቤቷ ማሳ ወሰደችኝ። ያኔ ወንዙን ልታሻግረኝበት የነበረው እጇ ነው። “በይ፣ ንገሪው።”

ነገርኩት። ጎንበስ እንዳለ ሰማኝ።

“አምስታችንንም?” አለ።

“አምስታችሁንም።”

“ቦኖ ያለው ማነው ታዲያ?”

“መኪና የሚጠብቁ ሰዎች ናቸው።”

“በእኔ ቤት ስም መንገደኛ ተናገረበት በይኛ።” ወደ እሷ ዞረ። “ሰማሽ?”

“ሰማሁ።”

“ባልሽን ያልኩትም...”

“ተወው” አለች።

ነጠላዋን ወገቧ ላይ አሰረች፤ ማጭዷን አንስታ መጣችና ከማሳው በወዲያኛው ጫፍ ገባች። እሱ ከዚህ፣ እሷ ከዚያ ማጨድ ያዙ። ለረጅም ጊዜ ቆሜ አየኋቸው።

“ማጭድ ስጡኝ፣ ላግዛችሁ” አልኩ።

ማንም አልሰጠኝም። እሱ ያጨደውን ነዶ ካሰረ በኋላ ነው የመለሰልኝ። “ሂጂ ልጄ” አለኝ፣ ሳይቆጣ። “ወንዙ እንደሆን ጎድሏል።”