የአባቴ ወይራ እና የደጃችን አጋም

ጎህ ሲቀድ፣ ፒያሳ

ሮማን “ሲነጋጋ እንነሳ” ስትል በማን ሰዓት እንደሆነ የምታውቀው እሷ ብቻ ናት። እኔ ገና ወፍ ሳይንጫጫ ጃኬቴን እስከ አገጬ ቆልፌ በር ላይ ቆሜያለሁ፤ እሷ ፀሐይ ከወጣች በኋላ የፕላስቲክ ቱቦ ታቅፋ ከች አለች። ቱቦው በአራት ማዕዘን የተገጣጠመ ነው። መስታወቱ የረገፈ መስኮት ይመስላል።

“ምንድን ነው ይሄ?” አለ ሾፌራችን ተሾመ፣ ቱቦውን በቪትዟ የኋላ በር ለማስገባት እየታገለ።

“ሥራዬ ነው።”

“ሥራሽ አልገባም እያለ ነው።”

ሮማን ዩኒቨርሲቲ ታስተምራለች። ሥራዋ ይህን ቱቦ ሜዳ ላይ መወርወርና ውስጡ የገባውን ተክል ሁሉ መቁጠር ነው። ማን ከማን ጋር ይውላል፣ ማን ማንን ያባርራል፣ ማን ማንን አቅፎ ያሳድጋል፤ ይህን አጥንታ ዶክተር ተባለች። እኛ ሰፈር ይህንኑ ሥራ በነፃ የሚሠሩ ሴትዮዎች ሞልተዋል።

እኔ የወጣሁት ግን ለዕፅዋት ፍቅር አይደለም፤ ቤቴ ውስጥ ያለችው አንዲት አበባ እንኳ የላስቲክ ናት። የወጣሁት ለአባቴ ብዬ ነው። አባቴ ኦቦ ደገፋ ከሰበታ ወጣ ብሎ በተጂ መንገድ ላይ ይኖራሉ። በወጣትነታቸው በመሬታቸው ላይ የቀረውን የመጨረሻውን ወይራ ቆርጠው የቤታቸው ምሰሶ አደረጉት። ምሰሶው እስከ ዛሬ ንቅንቅ አላለም። ካረጁ ወዲህ ግን ምሰሶውን እያዩ መብሰልሰል ጀመሩ። ክረምት በመጣ ቁጥር የወይራ ችግኝ ይተክላሉ፤ በጋ በመጣ ቁጥር ችግኙ ይደርቃል።

“አንድ ኤጀርሳ ደጄ ላይ ቆሞ ሳላይ አልሞትም” ይላሉ። ኤጀርሳ በኦሮምኛ ወይራ ነው።

አንድ ቀን “እንግዲያውስ ጨርሶ ባይበቅል ይሻለናል” ብዬ ቀለድኩ። አልሳቁም። ዞር ብለው የደረቀውን ችግኝ ማየት ያዙ፤ የምራቸውን እንደሆነ የገባኝ ያኔ ነው። ስለዚህ ከሮማን ጋር ተዋዋልን፤ እኔ ከእሷ ጋር ዞሬ ጽሑፍ እጽፋለሁ፣ እሷ መጨረሻ ላይ ሰበታ ወርዳ የአባቴ ወይራ ለምን እንደማይጸድቅ ትነግረናለች።

ረፋድ፣ ቡራዩና ገፈርሳ

ከአስኮ በላይ መንገዱ አቧራ፣ ሲኖትራክ፣ የተደረደረ ብሎኬት፣ ደግሞ አቧራ ነው። ቡራዩ ቆመን ጨጨብሳ አዘዝን። ቅቤው ክርን ድረስ የሚወርድ፣ ማንኪያ የሚያዳልጥ ጨጨብሳ። “ማር ጣል አድርጊበት እስቲ” ስንላት አስተናጋጇ “ማሩ ለብቻው ይታሰባል” ብላ ቁርጡን ነገረችን። አስበንበት በላን።

ገፈርሳ ስንደርስ የግድቡ ውሃ ጸጥ ብሏል። ዳሩ ላይ ባህር ዛፍ፣ ከኋላው ባህር ዛፍ፣ ከዚያ ኋላ ደግሞ ሌላ ባህር ዛፍ። ሮማን ቱቦዋን ወረወረች። ጎንበስ ብለን አየን። ደረቅ ቅጠል፣ የተላጠ ቅርፊት፣ የብስኩት ላስቲክና አንድ ኮሸሽላ።

“አንድ” አለች ሮማን።

“እሾህም ይቆጠራል?” አለ ተሾመ።

“ይቆጠራል። ላስቲኩ ነው የማይቆጠረው።”

ባህር ዛፍ ውሃውን ይመጥጣል፣ ብርሃኑን ይጋርዳል፣ የሚያራግፈው ቅጠል ደግሞ ከሥሩ የሌላ ዘር ቶሎ እንዳይበቅል ያደርጋል ብላ አስረዳችን። እድር የማይገባ፣ ጉድጓዱን ለብቻው የሚያስቆፍር ጎረቤት መሆኑ ነው። ይህን ስል ተሾመ ቱግ አለ።

“ባህር ዛፍን እንዳትነኩብኝ! ቤቴ የተማገረው በሱ ነው። የልጆቼ ደብተር የተገዛው በሱ ነው። ወይራ ተክዬ ብጠብቅ ኖሮ ልጆቼ ገና ዘንድሮ አንደኛ ክፍል ይገቡ ነበር።”

“አሁን ስንተኛ ናቸው?”

“ተመርቀዋል!”

ሮማን ሳቀችና “እሱስ እውነትህን ነው” አለችው። ተሾመ ለጠብ ተዘጋጅቶ ስለነበር ቅር አለው።

እዚያው ቆሜ ለአባቴ ደወልኩ።

“አባዬ፣ እንዴት አደሩ? ዛሬ እንግዳ ይዤ እመጣለሁ። ስለ ወይራዎ የምታውቅ፣ ዩኒቨርሲቲ የምታስተምር ዶክተር ናት።”

“ማሎ! ታዲያ ይህን በዋዜማው አይናገሩም? በይ ዝጊው፣ ደጁን ላሰናዳ!”

እኔ ሳልዘጋ እሳቸው ዘጉት። እንግዳ ሲመጣ ደጅ ማጽዳት የሁሉም ሰው ወግ ነው፤ አባቴ ዘንድ ግን ማጽዳት ማለት ምንጣሮ ነው። ለእህቴ ሽማግሌ በመጣ ጊዜ ሣሩን ጨርሰው የጎመኑን መደብ ሳይቀር ላጭተውት ነበር። ለእኔ ሽማግሌ እስኪመጣ እየጠበቁ ገጀራቸውን በየጊዜው ይስላሉ፤ እኔም ጎመኑን እያሰብኩ አልቸኩልም።

እኩለ ቀን፣ ሱሉልታ

በአዲሱ ገበያ አድርገን የጎጃምን መንገድ ሽቅብ ተያያዝነው። ዳገቱ ላይ ቀይና ቢጫ ቱታ የለበሱ ሯጮች ቪትዟን ጥለዋት ሄዱ። አንዷ ስታልፍ በመስኮት ሰላም አለችን።

“ነዳጅ እየቆጠብኩ ነው” አለ ተሾመ፣ ማንም ሳይጠይቀው።

ሱሉልታ ነፋሱ ጆሮ ይቆርጣል። ሜዳው ላይ ላሞች ተበትነዋል፤ አደይ አበባው ጠውልጎ ጠርዝ ጠርዙን ብቻ ቀርቷል። ሮማን ቱቦዋን ስትጥል እዚህስ ውስጡ ገበያ ቆሟል። ሰርዶ አለ፣ ማገጥ አለ፣ ስሙን የማላውቀው ወይን ጠጅ አበባ አለ፤ አንዱ አንዱን ተደግፎ፣ አንዱ በሌላው ጥላ ተጠልሎ። ሁሉም ግን አጭር ነው፤ ቀና ያለውን ላም ትቀነጥሰዋለች።

“እስቲ እዚህ ሜዳ ላይ የወይራ ችግኝ ፈልጊልኝ” አለችኝ።

ፈለግሁ። ተሾመም ፈለገ። የለም። ቀጥላ ወደ ሜዳው ዳር ወሰደችን። አጋምና ቀጋ ተቆላልፈው ጎጆ የሚያህል ቁጥቋጦ ሠርተዋል። እሾሁን በእጅጌዋ ገልጣ “ጎንበስ በይ” አለች። መሃል ላይ፣ ላም ምላሷን የማትሰድበት ቦታ፣ ወገቤ የሚደርስ ወይራ ቆሟል። ቅጠሉ ከላይ አረንጓዴ፣ ከሥሩ ነጣ ያለ፤ አባቴ ቤት ሲደርቅ የማውቀው ያው ቅጠል።

“ማን ተከለው?”

“ወፍ። ፍሬ በልታ አጋሟ ላይ ታርፋለች፣ ከዚያ ኩሷን ትጥላለች። ዘሩ እዚያው ይበቅላል። አጋሟ ከላም ትጠብቀዋለች፣ ከፀሐይ ትጋርደዋለች፣ አፈሩን ታረጥብለታለች።”

እኛ በየክረምቱ ኮፍያ አድርገን፣ ችግኝ ይዘን፣ ፎቶ ተነስተን የማይሳካልንን ወፏ በኩሷ ትሠራዋለች። ፎቶ ተነሽ ያላትም የለም።

“እኔ እኮ አጋምን የማውቃት በክፉ ነው” አልኩ። “አጋም የተጠጋ ቁልቋል ሲያለቅስ ይኖራል አይደል የሚባለው?”

“ቁልቋሉ ያልቅስ። ይሄኛው ግን ተመችቶታል።”

“ካደገ በኋላስ?”

“ይበልጣታል። ጥላው ሲከብድባት ቀስ በቀስ ትጠፋለች።”

“ውለታ ቢስ!”

“ባህር ዛፍን ስትሰድቡ ዋላችሁ” አለ ተሾመ። “እሱ ቢያንስ አሳዳጊውን አልበላም።”

ሮማን ቀጥላ አባቴ ችግኙን እንዴት እንደሚተክሉ ጠየቀችኝ። ነገርኳት። ዙሪያውን እንደ ተላጨ ራስ ያጸዱታል። አንዲት ሣር አያስቀሩም። በኖራ የተቀባ ድንጋይ ይከቡታል። ከዚያ ፀሐይ አናቱን፣ የጎረቤት ላም ቅጠሉን።

“እሾህ ቁጥቋጦ የሚባል ግቢያችሁ ውስጥ የለም?”

“ኧረ አለ። የውጭ በሩ ጎን አንዲት ትልቅ አጋም አለች። ልጅ ሆኜ ስንት ቀሚስ ቀዳብኛለች። ማንም ገልጦ አይቷት አያ…”

አባቴ ጠዋት “ደጁን ላሰናዳ” ነበር ያሉት።

ደወልኩ። አይነሳም። ደግሜ ደወልኩ። አይነሳም።

“ምናልባት ውስጧ ምንም የለ ይሆናል” አለች ሮማን፤ ቱቦዋን ግን ታቅፋ ወደ መኪናው መሮጥ ጀምራለች።

ከሰዓት በኋላ፣ መንገድ ላይ

አዲስ አበባን መሃል ለመሃል አቋርጦ ከሱሉልታ ሰበታ ለመድረስ የቸኮለ ሰው እግዜር ይሁነው። ቁልቁለቱን ወረድን፤ ቀለበት መንገዱ ተቆልፏል። አየር ጤና ላይ ሚኒባሶቹ መንገዱን እንደ ሳሎናቸው ተዘርፍጠውበታል። ተሾመ ጡሩምባ ሲነፋ ከጎኑ ያለው ረዳት “ምጥ ይዛችኋል እንዴ?” አለን።

“አዎ!” አልኩት። ይግረማችሁና አሳለፈን።

ስልኩን ጆሮዬ ላይ እንደለጠፍኩ ካራቆሬን አለፍን። ዓለም ገና ላይ ከጭነት መኪናዎች መሃል ተሰክተን ሳለ አባቴ አነሱት፤ ያለከልካሉ።

“አልሰማሁሽም፣ እየቆረጥኩ ነበር።”

“ምኑን አባዬ?”

“የበሩን እሾህ ነዋ! ጨርሼዋለሁ። መኪናችሁ እንኳ ሳይጫር እስከ በረንዳ ይገባል። ቀስ ብላችሁ ኑ።”

ለተሾመ “ቀስ በል” አልኩት።

አመሻሽ፣ ሰበታን አልፎ

የወጨጫ ተራራ ጥላውን ሜዳው ላይ ጥሏል። አባቴ ነጭ ጋቢያቸውን ደርበው፣ እጃቸው ላይ ደም ያቆረ ጭረት እየታየ፣ ደጃፍ ቆመው ጠበቁን።

“ባጋ ናጋን ዱፍተን!” አሉ፣ እንኳን በደህና መጣችሁ መሆኑ ነው። ደግሞ ወደ በሩ እያመለከቱ “አያምርም?” አሉኝ።

በሩ ጎን አጋሟ የነበረችበት መሬት ተላጭቷል። እሾሁ ተቆርጦ አጥሩ ሥር ተከምሯል። ትንሽ ራቅ ብሎ በኖራ ድንጋዩ መሃል የዘንድሮው ችግኝ ቡናማ ሆኖ ቆሟል።

ሮማን ሰላምታውን በደንብ ሳትጨርስ ክምሩ ጋ ተንበረከከች። እሾሁን ስትገለብጥ እኔ “አይኑር፣ በእናትህ አይኑር” እያልኩ እጸልያለሁ። ነበር። ከአጋሟ መሃል መዘዘችው፤ ረዘም ያለ፣ ቀጥ ያለ፣ ቅጠሉ ከሥሩ ነጣ ያለ።

አባቴ ተቀበሏት። ቅጠሉን ገልብጠው አዩ፣ አሸተቱ።

“ኤጀርሳ ነው” አሉ። “ደጄ ላይ ነበር?”

“ደጅዎ ላይ ነበር፣ አባባ” አለች ሮማን። “አጋሟ ውስጥ።”

“ስንት ዘመን በጎኑ አለፍኩ!”

ድንጋዩ ላይ ተቀመጡ። ጨክኜ ልቀልድ ፈልጌ አልቻልኩም፤ ዓይኔ ሞላ። እንግዳ ይዤ መጣሁ ብዬ ባልደውል ኖሮ እስካሁን ቆሞ ነበር። ይህንኑ ነገርኳቸው።

“አንቺ ምን አጠፋሽ? እንግዳ እንዳያፍር ብዬ ነው” አሉና ሮማንን ቀና ብለው አዩ። “አሁን እኔ አፈርኩ።”

ሮማን ግን እየሰማች አልነበረም። መሬቱን በጣቷ ስትጭር ቆይታ “ሥሩ እንዳለ ነው” አለች። “ገጀራው ከላይ ነው የቆረጠው። ወይራ ከጉቶው መልሶ ያቆጠቁጣል። ላም ካልደረሰበት፣ ፀሐይም ካላቃጠለው።”

አባቴ እንደዚያ ሲነሱ አይቻቸው አላውቅም። ገጀራውን ወዲያ ጥለው ከክምሩ ትልቁን የአጋም ቅርንጫፍ በባዶ እጃቸው ጎተቱ። ሮማን “የአጋሟም ጉቶ ይቀመጥ፣ እሷም ታቆጠቁጣለች” ብላ ጉቶውን እንዳይረግጡት ጮኸች። እኔም ጎተትኩ። ተሾመ “ባህር ዛፍ እንዲህ አያደርግም” እያለ ጎተተ፤ ሱሪው ጉልበቱ ላይ ተቀደደ። ጉቶዎቹን ዙሪያቸውን በእሾህ ከበብናቸው። አባቴ አልበቃቸውም። ደግመው ደረቡበት፣ አሰፉት፣ አበዙት። መጨረሻ ላይ ለእንግዳ ክብር የተላጨው በር በእሾህ ድርግም ብሎ ተዘጋ። እኛም፣ ቪትዟም ውጭ ቀረን።

“አባዬ፣ በየት እንግባ?”

“በጓሮ።”

በጓሮ ማለት በላሞቹ በረት ማለት ነው። እንግዳ በጓሮ ማስገባት ለአባቴ ዓይነት ሰው ከስድብ አይተናነስም፤ እሳቸው ግን ከፊት እየመሩ “ተጠንቀቂ ዶክተር፣ እዚህ ጋ ረግረግ ነው” ይላሉ። ሮማን ረገጠችው።

በዚያ የወይራ ምሰሶ ሥር ተቀምጠን ጭኮ በላን፤ ገብሱ በቅቤ የታሸ፣ ጨው ጣል ያለበት። አባቴ የተቆረጠውን ቅርንጫፍ አጠገባቸው አቁመውታል። ስንነሳ እንደ ወጋቸው ሊሸኙን ወጡ፤ እዚያው በላሞቹ መሃል።

“አንድ ኤጀርሳ ቆሞ ሳላይ አልሞትም ብዬ ነበር” አሉኝ። “አሁን ራሴ ቆርጬ አሳጠርኩት። እንግዲህ እስኪያድግ መቆየቴ ነው።”

“እኔስ ባይበቅል ይሻለናል ብዬ አልነበር?” አልኳቸው።

በዚህኛው ቀልድ ሳቁ። በረቱን ሊዘጉ ሲሉ ግን አንድ ነገር ትዝ ብሏቸው መለሱኝ።

“ስሚ፣ ላንቺ ሽማግሌ የሚመጣ ከሆነ አስቀድመሽ ንገሪያቸው፤ የሚገቡት በዚህ ነው።”