ለአባቴ መንገድ የሰፋሁት መጋረጃ

አባቴ ወገባቸውን ቀዶ ሕክምና ካደረጉ ወዲህ ከአንድ ሰዓት በላይ መቀመጥ አይችሉም። ወሎ፣ ሐይቅ ከተማ ያሉት ታላቅ እህታቸው ደግሞ አልጋ ከያዙ ሰንብተዋል። በስልክ የሚሰማው ድምፃቸው እየቀጠነ፣ «ዓይንህን ሳላይ እንዳልሄድ» ማለት ጀምረዋል። አውሮፕላን ቢባል ቀጥ ብሎ መቀመጥ ነው፤ ኮምቦልቻ ከወረዱም በኋላ ሌላ መኪና አለ። የቀረው አንድ ነገር ነበር፦ ተኝቶ መሄድ።

መኪናዋን ያዋሰኝ የሥራ ባልደረባዬ ነው። ለመስክ ሥራ ብሎ የኋላ ወንበሮቿን አንስቶ ፍራሽ የዘረጋባት አሮጌ ሚኒባስ ናት፤ እሱ «ካምፐሬ» ይላታል። አባቴ ከበረንዳችን ቁልቁል አዩዋት።

«ይሄ ሁሉ መስታወት?»

«ምን ችግር አለው አባዬ?»

«ሰው እያየኝ ተጋድሜ አልሄድም።»

ጡረታ እስኪወጡ ድረስ ያለ ክራቫት ቢሮ ገብተው አያውቁም። በታመሙበት ሰሞን እንኳ ጠያቂ መጣ ሲባል ተነስተው ይቀመጡ ነበር፤ ላባቸው በግንባራቸው እየወረደ። ስለዚህ አልተከራከርኩም። መጋረጃ ያስፈልግ ነበር።

ሃያ ሁለት አካባቢ የጠየቅኳቸው ሁለት ልብስ ሰፊዎች «ከበዓል በኋላ ና» አሉኝ። ቀኑ ማክሰኞ ነበር፤ መነሻችን ሐሙስ። መርፌ መያዝ አውቃለሁ፤ መስክ የሚውል ጋዜጠኛ ቁልፉን ራሱ ይተክላል። መስኮቶቹን ለካሁ፣ ደግሜ ለካሁ። ሦስተኛ ጊዜ ስለካ ጎረቤቶች በየበረንዳው ቆመው ያዩኝ ነበር። ከዚያ መገናኛ ሄጄ ሱቁ ያለውን ጨርቅ ሁሉ እያስወረድኩ በስልኬ መብራት ፈተንኩ። ምንም ብርሃን ያላሳለፈው ጥቁሩ ብቻ ነበር። ሻጩ ጨርቁን ሲጠቀልልልኝ ድምፁን ዝቅ አድርጎ «እግዜር ያጽናህ» አለኝ። ሐሳቤ መንገዱ ላይ ስለነበር «አሜን» ብዬ ወጣሁ።

ረቡዕን ፈቃድ ወስጄ ስሰፋ ዋልኩ። የመኪናዋ መስኮት ከላይ ወደ ውስጥ ያዘነበለ ስለሆነ ከላይ ብቻ የታሰረ ጨርቅ እየተወዛወዘ ይገለጣል፤ ስለዚህ ላስቲክ ከላይም ከታችም አስገባሁ። አንድ ጠርዝ በጨረስኩ ቁጥር በየመንገዱ ከተማ ለማውቃቸው ሰዎች እደውላለሁ። ደብረ ብርሃን፣ ሸዋ ሮቢት፣ ከሚሴ። መንገዱ ክፍት ነው? ማን ነገረህ? መቼ ያለፈ ሰው ነው? መልሱን ጽፌ ወደ መርፌዬ እመለሳለሁ፤ ሁለት ጊዜ ጣቴን ወጋሁ፤ ተነስቼ ከክፍል ክፍል ዞሬ እንደገና እቀመጣለሁ።

ሐሙስ ማለዳ አባቴን ትከሻዬ ላይ አስደግፌ አወረድኳቸው። ፍራሹ ላይ ተጋደሙ፤ ብርድ ልብሱን ሳብኩላቸውና መጋረጃዎቹን አንድ በአንድ ዘጋሁ። የኋላውን በር ስገጥም፣ ምድር ቤት የሚኖሩት እማማ ጄሪካን ይዘው ወጡ። መኪናዋን አዩ። እኔን አዩ። ጄሪካኑ ከእጃቸው ወደቀ።

«ውይ! ውይ እኔን! ጋሼን! ምነው ሳትነግረን!»

ሁለት እጃቸውን ራሳቸው ላይ ጫኑ። ከሦስተኛ ፎቅ ሌላ ሴት ጩኸቱን ተቀበለች። አፌን ሳልከፍት ከመኪናዋ ውስጥ ድምፅ መጣ።

«ማነው የሞተው?»

ጩኸቱ ቀጥ አለ። አባቴ የመጋረጃውን ጫፍ ገለጥ አድርገው፣ «እትዬ፣ ደህና አደሩ?» አሉ።

እማማ አማተቡ። ከዚያ ወደ እኔ ዞሩ። «አንተ! ሰው አጋድመህ፣ በጥቁር ሸፍነህ፣ በማለዳ ወደ ወሎ ስትነሳ ምን እንበል? ደግሞ ጋዜጠኛ ነኝ ትላለህ!»

«ብርሃን የማያሳልፈው እሱ ብቻ ስለሆነ ነው፣ እማማ።»

«ብርሃን ይላል እንዴ!»

ከፎቅ ሳቅ ተሰማ። አባቴ ግን አልሳቁም። «እህቴ ይሄ መኪና ደጇ ሲቆም ብታይ፣ እኔ እስክወርድ ልቧ አይጠብቀኝም» አሉ። «አውርደኝ።»

«እነቅለዋለሁ። ሁለት ደቂቃ ነው።»

«ነቅለህስ? ሰው እያየኝ?»

ሰዓቴን አየሁ። ሳይጨልም ሐይቅ መግባት ነበረብን። የጨርቅ ሱቆች ገና አልተከፈቱም። ዛሬ ክፍት የሆነው መንገድ ነገም ክፍት ይሆናል ብሎ ያረጋገጠልኝ ሰው አልነበረም፤ አክስቴም ነገን ይጠብቃሉ ያለኝ የለም።

እማማ ወደ መስኮቱ ጠጋ አሉ። «ሰው ቢያይዎት፣ ጋሼ፣ ‹አሟቸዋል፣ ይማራቸው› ይላል። ምርቃት ነው። ካላየዎት ግን እንደ እኔ ይጮኻል።»

ላስቲኩ ከመንጠቆው ሲላቀቅ ሰማሁ። አባቴ መጋረጃዎቹን እየነቀሉ በመስኮት ለእማማ አቀበሏቸው።

ሲኤምሲ ላይ መንገዱ ተጨናንቆ ቆምን። ከጎናችን የቆመው ታክሲ ተሳፋሪዎች አንገታቸውን አሰገጉ። በመስታወት ወደ ኋላ አየሁ፦ አባቴ እጃቸውን ደረታቸው ላይ አድርገው፣ ዓይናቸውን ጨፍነው፣ ከንፈራቸውን ገጥመዋል። በታክሲው መስኮት በኩል የተቀመጠች ሴት እጇን ጉንጯ ላይ አደረገች።

«አባዬ፣ እንደዚያ ከጨፈኑማ ያው ነው» አልኩ።

አንድ ዓይናቸውን ገለጡ። ሴትዮዋን አዩ። ከዚያ ሁለተኛውንም ገለጡና እጃቸውን አንስተው ሰላምታ ሰጡ። ሴትዮዋ ደንግጣ ወደ ኋላ አለች፤ ወዲያው መስኮቷን ከፍታ፣ «አይዞዎት አባባ! እግዜር ይማርዎት!» አለች።

«አሜን» አሉ አባቴ።

አያት ሰፈርን ስናልፍ፣ «ዳርህን ያዝና ለእህቴ ደውልላት» አሉኝ። «መጣ በላት።» ብርድ ልብሱን ወደ ደረታቸው ሳቡ። «ተኝቶ ነው የሚመጣው በላት።»