የአያ ደሴ በግ መጠን

ባለፈው ሳምንት ደባርቅ አንድ መድኃኒት ቤት ተራ ስጠብቅ፣ አንዲት እናት ከባለሙያው ጋር ተጣላች። ሁለቱም ልጆቿ ሳል ይዟቸዋል፤ ለታናሽየው የታዘዘው ሽሮፕ ለምን አነሰ ነው ጠቡ። ባለሙያው ስለ ክብደት ቢያስረዳም አልሰማችውም። እኔ ግን አያ ደሴ ፊቴ ላይ ድቅን አለ።

ያኔ ሃያ ሁለት ዓመቴ ነበር፤ በእንስሳት ጤና ሠልጥኜ ከዳባት በታች ባለ ቀበሌ ተመድቤያለሁ። ክረምቱ ገና መውጣቱ ነው፤ የመንገዱ ጭቃ ጫማ ያወልቃል፤ ገብሱ እሸት ይዟል። በጎቹ ግን ከረግረጉ ሣር በያዛቸው ትል አገጫቸው ሥር እያበጠ ይሞቱ ነበር።

የሚጠጣው መድኃኒት ልኩ ለአምስት ኪሎ አንድ ሚሊ ሊትር ነው። በጉን ሚዛን ላይ አንጠለጥላለሁ፣ ኪሎውን ለአምስት አካፍላለሁ፣ መርፌ በሌለው ሲሪንጅ አጠጣለሁ። እማማ ጥሩ የሚባሉ ሴት ያመጡት ሙክት ሠላሳ ኪሎ መዘነ፤ ስድስት ሰጠሁት። የጎረቤታቸው የአያ ደሴ በግ ሃያ ኪሎ ሆነች፤ አራት ሰጥቼ ሲሪንጁን አወጣሁ። ሁለቱ በእርሻ ድንበር ለዓመታት ሲካሰሱ እንደኖሩ አላወቅሁም።

«ለእሷ ስድስት፣ ለእኔ አራት። ምን ሰጥታሽ ነው?» አለኝ አያ ደሴ።

በጓ ቀላል ስለሆነች ነው ብዬ ነገርኩት። መንግሥት የላከው ለሁላችን እኩል ነው እያለ ሰው ሰበሰበብኝ። ደሜ ፈላ።

«ማካፈል የማያውቅ ሰው ሥራዬን አያስተምረኝም» አልኩት፣ በዚያ ሁሉ ሰው ፊት።

ጠርሙሱንና ሲሪንጁን ከእጄ ነጠቀ። እስከ ሃያ ሞልቶ በጓን አጠጣት፤ የመቶ ኪሎ ጥጃ መጠን ነው። ብዙም ሳይቆይ ተንቀጠቀጠች፤ አረፋ ደፍቃ ወደቀች። ሳትነሣ ሞተች።

መርዛ ገደለችብኝ አለ። የሆነውን ሁሉም አይቷል፤ እማማ ጥሩ እንኳ ዓይናቸውን ከእኔ አሽሽተው ሙክታቸውን እየነዱ ሄዱ። የቀረውን መንጋ ማንም እንድነካ አልፈቀደልኝም። እንግዳ ደርሶ ያለ ምሳ በማይሸኝበት አገር፣ በሶ እንኳ ሳይቀርብልኝ ዳባት ድረስ በእግሬ ወጣሁ። በኋላ፣ ያልታከሙት በጎች አለቁ ሲባል ሰማሁ። አላዘንኩም፤ ይህንን ለማንም ተናግሬ አላውቅም።

መድኃኒቴን ገዝቼ ስወጣ ሴትየዋ አሁንም ትከራከር ነበር። ስሌቴ ልክ ነበር። ያን ንግግር ባልናገረው ኖሮ ሲሪንጁን ይነጥቀኝ ነበር ወይ እያልኩ ቤቴ ደረስኩ። ምናልባት አይነጥቀኝም ነበር። አያ ደሴን ግን ዛሬም ይቅር አላልኩትም።