በኪሴ ያሳደርኩት መርዶ

ይህ የሆነው ባለፈው ዓመት መጋቢት ውስጥ፣ አሥራ ስድስት ዓመት በሞላኝ ሰሞን ነው። ዲቪ ደርሶን መጥተን ላንግሊ ፓርክ የሚባል ሰፈር ከገባን ሁለተኛ ዓመታችን ነበር። ይህን ያህል ረጅም ነገር ስጽፍ የመጀመሪያዬ ስለሆነ ደስ ብሎኛል፣ አልደብቅም። የምጽፈው ነገር ግን የሚያስደስት አይደለም። ክፉ አስቤ ባጠፋ ኖሮ ይቀለኝ ነበር መሰለኝ፤ ከአእምሮዬ አልወጣ ያለው ደግ የሠራሁ መስሎኝ ስለነበረ ነው።

ሚስ ዶራ፣ ሲልቨር ስፕሪንግ ባለው ትምህርት ቤቴ፣ የታሪክ አስተማሪዬ ናቸው። ስልሳ ሊሞላቸው ነው። የተወለዱት እኛ “ቀይ ሕንዶች” ከምንላቸው ከአገሩ ነባር ሕዝብ ነው፤ ስሙን ግን አይወዱትም። “ሕንድን በካርታ ነው የማውቃት” ይላሉ። ዕድሜያቸውን ሙሉ የታገሉት የነባሩ ሕዝብ ልጆች ቋንቋቸውንና ታሪካቸውን እንዲማሩ፣ መንግሥትም በድሮዎቹ አዳሪ ትምህርት ቤቶች የሠራውን በግልጽ እንዲናገር ነው። ያላንኳኩት ቢሮ የለም። ቅዳሜ ቅዳሜ ደግሞ አሌክሳንድሪያ በምትባል ጎረቤት ከተማ፣ አንድ ቤተ ክርስቲያን ምድር ቤት ውስጥ፣ አሥራ ሁለት ልጆች ሰብስበው በነጻ ያስተምራሉ። እኔም ለትምህርት ቤቴ ሰርቪስ አወር የሚሉትን የበጎ ፈቃድ አገልግሎት ሰዓት መሙላት ስለነበረብኝ እየሄድኩ አግዛቸው ነበር።

ያን ቅዳሜ ከሰዓት፣ ሞባይል የማይዙት ሚስ ዶራ ልጆቹን እያስተማሩ ሳለ የቤተ ክርስቲያኑ ቢሮ ስልክ ጮኸ። አነሳሁት። ወንድማቸው ነበር፣ ከሩቅ፣ ከምዕራብ። “እናታችን ዛሬ ጠዋት አርፋለች። ቀብሩ ነገ ከሰዓት ነው። አሁኑኑ ንገሪያት” አለኝ። እሺ አልኩት። ወረቀት ላይ ጻፍኩት።

እስከ በሩ ሄድኩ። ሚስ ዶራ ከአንዲት ትንሽ ልጅ ጋር እየሳቁ ነበር። እኛ ቤት መርዶ እንዲህ አይነገርም። አጎቴ የሞተ ጊዜ ለእማዬ የተነገራት በሦስተኛው ቀን ነው፤ ጎረቤት ተሰብስቦ፣ ጎህ ሲቀድ፣ የሚደግፋት ሰው ግራና ቀኝ ቆሞ። ስለዚህ ተመልሼ ለእማዬ ኮል አደረግኩላት።

“ነገርሻት እንዴ?” አለች ደንግጣ።

“ኧረ ገና ነኝ።”

“ተይ! እንዳትነግሪያት! መኪና ትነዳለች፣ ብቻዋን ናት፣ ብትወድቅ ማን ያነሳታል? ዛሬ በልታ ትተኛ። ነገ በጠዋት ጎረቤቶቻችንን እነታደሰን ይዘን እንሄዳለን። ከዚያ አባትሽ ኤርፖርት ያደርሳታል።”

“ቀብሩ ነገ ነው አለኝ እኮ፣ እማዬ።”

“ከሰዓት አይደል? ትደርሳለች።”

እኔም መስማት የፈለግኩት ይኼንኑ ነበር። ወረቀቱን አጥፌ ኪሴ ከተትኩት።

ሚስ ዶራ ወደ ቤት የመለሱኝ በመኪናቸው ነው። ቤልትዌይ የሚሉት የቀለበት መንገድ ተጨናንቆ ስለነበር አንድ ሰዓት ያህል ጎን ለጎን ተቀመጥን። “ነገ እሁድ አይደል፣ ለእናቴ እደውላለሁ” አሉኝ። “ስልኩን ገልብጣ ትይዝና ‘ምነው ድምፅሽ ጠፋ’ ብላ እኔኑ ትቆጣለች።” ብቻቸውን ሳቁ። እኔ በመስኮት ወደ ውጭ አየሁ። አሞሻል ወይ ሲሉኝ፣ ራሴን ነው አልኳቸው።

እሁድ ንጋት አሥራ ሁለት ሰዓት ላይ በጎረቤታችን በጋሽ ታደሰ ታክሲ ወደ ሚስ ዶራ ቤት ሄድን። እማዬና ሌላዋ ጎረቤታችን እትዬ አስካለ ጥቁር ለብሰዋል።

“ታደሰ፣ አንተ ንገራት፤ እንግሊዝኛው አለህ” አለ አባዬ።

“ምን አለኝ! የኔ እንግሊዝኛ ‘ወዴት ልውሰድዎ’ ላይ ያልቃል።”

“አንተ ሰውዬ፣ ለቅሶ ላይም ቀልድ!” አለችው እትዬ አስካለ።

ሚስ ዶራ በፒጃማ በሩን ከፈቱ። አምስታችንን ሲያዩ “ምንድነው፣ ሕንጻው እየተቃጠለ ነው?” ብለው ፈገግ አሉ። ጋሽ ታደሰ ነገራቸው። እማዬ እያለቀሰች ልታቅፋቸው እጇን ዘረጋች።

እሳቸው አላለቀሱም። “መቼ?” አሉ።

“ትናንት ጠዋት” አለ ጋሽ ታደሰ።

“ማን ያውቅ ነበር?”

ወረቀቱን አውጥቼ ሰጠኋቸው። አነበቡት። የግድግዳውን ሰዓት አዩ። የትውልድ መንደራቸው ሁለት አውሮፕላን ተቀይሮ፣ ከዚያ ደግሞ አራት ሰዓት በመኪና እንደሚያስኬድ እኛ አናውቅም ነበር። የዚያኑ ቅዳሜ ቢነሱ ይደርሱ ነበር። ወንድማቸውም መልእክቱ ደርሷት መንገድ ላይ ናት ብሎ ዳግመኛ አልደወለም።

“ዘጠኝ ዓመቴ ነበር” አሉ በሩን ተደግፈው፣ ድምፃቸውን ሳያነሱ። “እኔንና ታናሽ እህቴን ከቤታችን ወስደው አዳሪ ትምህርት ቤት አስገቡን። እህቴ ታመመችና ለብቻዋ አስተኟት። ሞታ ከተቀበረች በኋላ፣ ትምህርት ሲዘጋ ነገሩኝ። ‘እንዳትረበሺ ብለን ነው’ አሉኝ። ሲሉኝም በፍቅር ነበር፣ ራሴን እየዳበሱ።”

ጋሽ ታደሰ ለእማዬ ተረጎመላት። እማዬ እዚያው ኮሪደሩ ላይ ቁጭ አለች። በሩ ተዘጋ። አባዬ ኤርፖርት ላድርስዎ ብሎ ደጋግሞ ቢያንኳኳም አልከፈቱም።

ቀብሩ አምልጧቸው ወደ መንደራቸው ሄደው የተመለሱት ከሁለት ሳምንት በኋላ ነው። እንደ ወትሮው አስተማሩ፤ እኔን ግን አያዩኝም። አርብ ዕለት ክፍሉ ባዶ እስኪሆን ቆይቼ “ይቅርታ” ማለት ስጀምር እጃቸውን አንስተው አስቆሙኝ።

“ባለሥልጣኖቹም የሚጀምሩት ከይቅርታ ነው” አሉኝ። “ያን ሁሉ ዓመት የምላቸው አንድ ነገር ነው፤ መጀመሪያ ያደረጋችሁትን ተናገሩ። አንቺም ያደረግሽውን ጻፊ። ለምን እንዳደረግሽው ሳይሆን፣ ያደረግሽውን። በቋንቋሽ ጻፊና ታነቢልኛለሽ።”

ሦስት ጊዜ ጻፍኩት። የመጀመሪያው በሙሉ ስለ ባህላችን ነበር፤ እማዬ እንዲህ ብላኝ፣ አጎቴ ሲሞት እንዲህ ሆኖ። ሳነበው አፈርኩና ቀደድኩት። ሁለተኛው ለቅሶ ብቻ ሆነብኝ። ሦስተኛው ግማሽ ገጽ አይሞላም። “ስልኩን አነሳሁ። አልነገርኳቸውም። አንድ ሰዓት አጠገባቸው ተቀምጬ፣ ስለ እናታቸው ሲያወሩ ዝም አልኩ” ይላል። በሚቀጥለው አርብ በአማርኛ አነበብኩላቸው፣ ከዚያ በእንግሊዝኛ ነገርኳቸው። መኪናው ውስጥ ዝም ያልኩበት ጋ ስደርስ “እሱን ድገሚው” አሉኝ። ደገምኩት። ያን ጊዜ አለቀሱ። እኔ ፊት ሲያለቅሱ ያኔ ብቻ ነው ያየኋቸው።

ይቅር ብዬሻለሁ ግን አላሉኝም። በማግስቱ ቅዳሜ መጥተው ክላክስ ነፉልኝ፣ አሌክሳንድሪያ ሄድን፣ ልጆቹን አስተማርን። አሁንም እንሄዳለን። በመንገድ ላይ ብዙ አናወራም። እማዬን አልወቅሳትም፤ እጄን ይዞ ወረቀቱን ኪሴ ያስከተተኝ ሰው አልነበረም።

ቅዳሜ ወደ ቤት ስገባ እማዬ ጫማዬን እንኳ ሳላወልቅ በሩ ላይ ትጠብቀኛለች።

“ምን አለች? ይቅር አለችን?”

“ገና ናቸው፣ እማዬ” እላታለሁ።