ለእማ የተመረጡ ፎቶዎች

ቢሻው ለመጨረሻ ጊዜ መሪ ከጨበጠ ሦስት ዓመት አልፎታል። እጁ ግን አልረሳም። እንጅባራ መናኸሪያ በር ላይ ቆሞ የባጃጅ ተራ ሲያስከብር፣ ዳገቱን የሚወጣ ጭነት መኪና ሲያጓራ ከሰማ ቀኝ እጁ ሳያስበው ወደ ጎኑ ይሄዳል፤ ማርሽ ፍለጋ። ባጃጅ ነጂዎቹ አይተው ይስቁበታል። እሱም አብሮ ይስቃል፤ ሌላ ምን ያደርጋል።

ድሮ አይሱዙ ነጂ ነበር። ከግምጃ ቤት ከተማ ድንች፣ ከቆሰበር ዙሪያ ከሰል እየጫነ አዲስ አበባ ይመላለስ ነበር። በ2003 ክረምት ከዳንግላ ወዲያ ዝናብ ሲጥል መኪናው ተንሸራቶ ቦይ ገባ። ረዳቱ ይሄነው ተጭሮ ተረፈ፤ የቢሻው ቀኝ እግር ግን ጉልበቱ ላይ ተሰባበረ። አጥንቱ ሲገጥም ጉልበቱ አልታጠፍ አለ፤ ከጉልበቱ በታች ያለው ሥጋም የራሱ አልመስል አለው። ሐኪሙ አልደበቀውም፤ «በምርኩዝ ትሄዳለህ፤ መንዳቱን ግን እርሳው» አለው። ቢሻው ይህን ቃል ለእናቱ ሳይነግራት ቀረ። ዛሬ ነገ ሲል ቀረ እንጂ ሊዋሻት አስቦ አልነበረም።

እናቱ ወርቅአየሁ ከዘንገና ሐይቅ ማዶ፣ ከአስፋልቱ ወጣ ብሎ ባለ መንደር ከሴት ልጇ ከዋጋዬ ጋር ትኖራለች። ከዚያ መንደር ወጥቶ መኪና የነዳ የመጀመሪያው ሰው ልጇ ነው። እሷም ይህን ለሰው መንገር አትሰለችም፤ ገበያ ስትወርድ ሰላምታዋን እንኳ ሳትጨርስ ወሬውን ወደ እሱ ታዞረዋለች። እሱ ሆስፒታል ተኝቶ ሳለ አልጋው ሥር ቁጭ ብላ ለማርያም ተሳለች፦ ልጄ ተነስቶ መሪ ከጨበጠ የወርቅ ዘቦ ጃንጥላ አስገባለሁ አለች። ከዚያ ወዲህ ባየችው ቁጥር የምትጠይቀው አንድ ነገር ነው።

«ጀመርህ ወይ ልጄ?»

«ገና ነኝ እማ።»

መናኸሪያው አጠገብ መሳፍንት የሚባል አብሮ አደጉ የኮምፒውተር ጽሕፈት ቤት አለው። ከኋላ በመጋረጃ በከፈላት ክፍል ደግሞ ጌም ያጫውታል። አንድ የዝናብ ቀን ቢሻው እዚያ ተጠልሎ ሳለ፣ መሳፍንት የጭነት መኪና መንዳት የሚባለውን ጌም ከፈተለት። መሪው፣ መስታወቱ፣ የዝናብ መጥረጊያው፣ ሁሉም አለ። ነዳጁም ፍሬኑም በጣት ነው፤ እግር አይጠይቅም። ቢሻው አንድ ጭነት አድርሶ ሲያራግፍ ዕንባው መጣ፤ ፊቱን ወደ ግድግዳው አዞረና በጋቢው ጠረገው። መሳፍንትም እንዳላየ ሆነ።

ከዚያ በኋላ ተራ ከማስከበር በተረፈው ሰዓት ሁሉ እዚያ ነው። መሳፍንት አንዲት ቁልፍ አሳየው፤ እሷን ሲጫን ስክሪኑ ላይ ያለው እንዳለ ፎቶ ሆኖ ይቀመጣል። ቢሻው ጭነት ባራገፈ ቁጥር ይጫናት ጀመር። ድሮ ማስረከቢያ ወረቀቱን አጣጥፎ እንደሚያስቀምጠው ነበር፤ ይህን ያህል መንገድ ሄጃለሁ ለማለት፣ ለራሱ ብቻ። የመጀመሪያው ሳምንት ፎቶዎች ግን አንድም አልተረፉም። መሳፍንት ቫይረስ ሲያስቸግረው ኮምፒውተሮቹን በአንድ ፕሮግራም ቆልፏቸዋል፤ ጠፍተው ሲነሱ ሰው ያስቀመጠባቸውን ሁሉ ይረሳሉ። መብራት ሄዶ ሲመጣ የቢሻውም ጉዞ ተረሳ። ከዚያ ወዲያ ፍላሽ ገዛ፤ በአንገቱ ማተብ ላይ አንጠልጥሎ የዕለቱን በዕለቱ ይገለብጣል። የሚወዳቸውን ደግሞ ወደ ስልኩ ያስገባል።

ነገሩ የተበላሸው በ2007 መስቀል ማግስት ነው። ቢሻው እናቱ ዘንድ ሄዶ ለዋጋዬ ስልክ በብሉቱዝ ዘፈን ሲልክላት አንድ ፎቶ አብሮ አለፈ። ነጭ ጭነት መኪና፣ ከኋላው ጥድና ጉም። ዋጋዬ አይታ ለእናቷ አሳየቻት። ወርቅአየሁ ስልኩን ወደ ደጅ ይዛ ወጣች፤ በብርሃን አየችው።

«ያንተ ነው?»

ጨዋታ ነው ሊላት አፉን ከፍቶ ነበር። ፊቷን አየው። እንዲህ ስትስቅ ካያት ሦስት ዓመት ሆኖታል። እስቲ እናንተ ብትሆኑ ምን ትሉ ነበር?

«አዎ እማ» አላት።

ኅዳር ጽዮን ዕለት ስለቷን አስገባች። ሙክት ሸጣ፣ የጥጥ ፈትል ሸጣ ጃንጥላውን ከዳንግላ አስገዝታዋለች። ቄሱ ከቅዳሴ በኋላ ለሕዝቡ ተናገሩ፤ የወርቅአየሁ ልጅ ከአደጋ ተርፎ መሪ ስለጨበጠ እልል በሉላት አሉ። ግቢው በእልልታ ተናጋ። ቢሻው ምርኩዙን ተደግፎ ከዋርካው ሥር ቆሟል። አፈረ፤ ከማፈሩም በላይ ፈራ። ሊናገር ቢፈልግ እንኳ አሁን ለእናቱ ብቻ መናገር አይደለም፤ ቄሱም፣ ሕዝቡም፣ ማርያምም አሉበት። ሰዎች እየመጡ ትከሻውን ሲስሙት አንገቱን ደፍቶ ተሳመ።

ከዚያ በኋላ ፎቶ ማንሳቱ ሥራ ሆነበት። በሄደ ቁጥር ወርቅአየሁ «የዛሬውስ?» ትላለች። ፍላሹ ላይ ሁለት ፎልደር ከፈተ፤ አንዱን «የኔ»፣ ሌላውን «ለእማ» አለው። «የኔ» የሚለው ሁሉንም ይዟል። «ለእማ» የሚለው ውስጥ የሚገባው ተመርጦ ነው። በረዶ የወረደበት ይቀራል። ባሕር የሚታይበት ይቀራል። የፈረንጅ ጽሑፍ ያለበት የመንገድ ምልክት ከታየም ይቀራል። ፍጥነትና ካርታ የሚያሳዩትን ሳጥኖች ከስክሪኑ የሚያጠፋ ቁልፍ አለ፤ ያንን ሳይጫን አያነሳም። ጉም ያለበትን፣ ዝናብ ያለበትን፣ አገሩ የማይለይበትን ይመርጣል። ፎቶዎቹን በቀንና በአገር ስም ይሰይማቸዋል፤ «ቡሬ»፣ «ደጀን»፣ «አባይ በረሃ»። አንዱን ተራራ ሁለት ጊዜ እንዳያሳያት ያሳየውን ይለይና ለብቻው ያስቀምጣል። ሰው ውሸቱን እንዲህ አበጥሮ ሲለቅም አይቼ አላውቅም።

አንድ ነገር ብቻ ማስተካከል አልቻለም። ጌሙ ውስጥ መኪናው ነጂ የለውም፤ ከውጭ ሲታይ ወንበሩ ባዶ ነው። ወርቅአየሁ አንድ ቀን ይህን አየች።

«አንተ የት ነህ ታዲያ?»

«ፎቶውን የማነሳው እኔ አይደለሁ እማ? ወርጄ ነው።»

«እውነትህን ነው» ብላ ስልኩን በነጠላዋ ጫፍ ጠረገችው።

በ2008 ጥር ወር፣ አንድ ሰኞ ጠዋት ዋጋዬ ደወለች። እናታቸውን ጎኗን ውጋት ይዟታል፤ ትንፋሽ አጥሯታል። የጤና ኬላዋ ባለሙያ ዛሬውኑ ሆስፒታል አድርሷት ብላለች። ጎረቤት ቃሬዛ አዘጋጅቶ በር ላይ ቆሟል፤ እሷ ግን እንቢ ብላለች።

«ልጄ መኪና እያለው በሰው ትከሻ አልሄድም ነው የምትለው» አለች ዋጋዬ። «እስቲ አንተ ንገራት።»

ስልኩን ለእናቱ ሰጠቻት።

«ቢሻው፣ የት ነህ ልጄ?»

መናኸሪያ በር ላይ ነበር። በባጃጅና በእግር ቢፈጥን ሁለት ሰዓት አይፈጅበትም። ከትናንት በስቲያ ግን አዲስ አበባ ጭነት ላይ ነኝ ብሏታል።

«አዲስ አበባ ነኝ እማ። አንቺ በቃሬዛው ነይ፤ እኔ እደርስብሻለሁ።»

«እጠብቅሃለሁ። ይህን ያህልም አላመመኝ። ቀስ ብለህ ንዳ።»

አንድ ቃል ነበር የሚበቃው። መኪና የለኝም ቢላት ኖሮ ያን ጊዜውኑ ቃሬዛው ይነሳ ነበር። ስልኩን ጆሮው ላይ እንደያዘ ያን ቃል ፈለገው፤ እልልታው ትዝ አለው። መስመሩ ተቋረጠ።

የራሱ የሚያስመስለው ጭነት መኪና ፍለጋ ገባ። ሰኞ ዋለ፤ ማክሰኞ ዋለ። ድሮ የሚያውቃቸው ሹፌሮች ገሚሱ ጭነት ላይ ናቸው፤ ገሚሱ ባለቤቱ አይፈቅድም አሉ። መሳፍንት ሱቁን ዘግቶ አብሮት ዞረ።

«ሄደህ ንገራት» አለው መሳፍንት፣ ማክሰኞ ቀትር ላይ። «እናት አይደለች? ትምርሃለች።»

«ከዳነች እነግራታለሁ» አለ ቢሻው።

ረቡዕ ጠዋት ይሄነው ደረሰለት፤ ያ ከአደጋው የተረፈው ረዳቱ፣ አሁን ራሱ ሹፌር ሆኗል። ዳንግላ ጭነቱን አራግፎ ባዶውን መጣ። መንደሩ ሊታይ ሲል ቢሻው አስቆመው።

«እስቲ እኔ ላስገባው። እስከ መንደሩ ድረስ ብቻ ነው።»

ይሄነው ወረደለት። ቢሻው በሁለት እጁ እግሩን አንስቶ ከመሪው ሥር ሊያስገባው ታገለ። አልታጠፍ አለ። ቢገባም ፍሬኑን ይርገጥ አይርገጥ አያውቀውም። ጥቂት መሪውን ይዞ ተቀመጠ፤ ከዚያ ወርዶ በወዲያኛው በር ገባ።

ወርቅአየሁን በጋቢ ጠቅልለው አወጧት። ከንፈሯ ጠቁሯል። መኪናውን ስታይ ግን አንገቷን ቀና አደረገች፤ ጎረቤቶቿን አንድ በአንድ አየቻቸው። ጋቢናው ውስጥ ዋጋዬ እግሯን፣ ቢሻው ራሷን ይዘው አስቀመጧት። መንገዱ ድንጋይ ነው። መኪናው ሲነጥር ታቃስታለች። ጥቂት እንደሄዱ ዓይኗን ሳትገልጥ፣ ሹፌሩ እንዳይገባው በአዊኛ ተናገረች።

«ይህ ልጅ አይችልበትም። አንተ ብትነዳው እንዲህ ባላንገጫገጨኝ።»

«አንቺን ልይዝሽ ብዬ ነው እማ» አላት።

«ደግ አደረግህ።»

ቢሻው ቀስ በል አለው። ይሄነውም ቀስ አለ። አስፋልቱ ጋ ከመድረሳቸው በፊት እጇ በእጁ ውስጥ ከበደ። እሱ አወቀ፤ ለዋጋዬ ግን አልነገራትም፤ ሆስፒታል እስኪደርሱ ድረስ እጇን እያሸ ሄደ።

ሐኪሙ ደረቷን አዳምጦ፣ ዓይኗን ገልጦ አየና ማዳመጫውን ከጆሮው አወረደ። ወጣት ነው፤ የተናደደም ይመስላል።

«ከየት ነው ያመጣችኋት?»

«ከዘንገና ማዶ» አለ ይሄነው።

«ይቺን ታህል መንገድ? ታዲያ እስካሁን ምን አቆያችሁ?»

የመለሰችው ዋጋዬ ናት፤ ዕንባዋ እየወረደ፣ ወንድሟን እንዳይወቅስባት በትሕትና።

«ወንድሜን ስንጠብቅ ነው ጌታዬ። ሩቅ አገር ጭነት ላይ ነበር፤ እሱ ምን ያድርግ።»

ቢሻው ምርኩዙን ይዞ ግድግዳው ሥር ቆሞ ነበር። ዋጋዬ መጥታ አንገቱን አቅፋ ስታለቅስ እጁን አንስቶ ሊያቅፋት አልቻለም።