ከእህቴ የቀነስኳቸው ልቦች

ባለፈው ቅዳሜ ልጄ በላፕቶፗ ስትጫወት ከጀርባዋ ቆሜ አየሁ። አስራ አንድ ዓመቷ ነው፤ እዚሁ ናይሮቢ፣ ፓርክላንድስ ሰፈር ተወልዳ ያደገች ናት። ጨዋታው ውስጥ ያለው የመንደር ሰው ሁሉ ይወዳታል። በሳምንት ውስጥ እንዴት ይህን ሁሉ ወዳጅ እንዳፈራች ብጠይቃት ሳቀችብኝ።

«ዳዲ፣ ሴቭ ፋይሉን ኤዲት አድርጌው ነው። ፍሬንዶቼ ሁሉ እኮ እንደዛ ነው የሚያደርጉት።»

የጨዋታው ውጤት የተቀመጠበትን ፋይል ከፍታ ቁጥሩን መለወጧ ነው። «እኔም አንድ ሰሞን አደርገው ነበር» አልኳት። አላመነችኝም። እሷ ለመጨመር ነው የተማረችው፤ እኔ የተማርኩት ለመቀነስ ነበር።

አስራ ሰባት ዓመቴ ነበር። ከእህቴ ከምሕረት ጋር ኢስትሊ በሚባለው የናይሮቢ ሰፈር ፎቅ ላይ አንዲት ክፍል ተከራይተን እንኖራለን። ምሕረት በሰባት ዓመት ትበልጠኛለች፤ እናታችን ካረፈች በኋላ ያሳደገችኝ እሷ ናት። ቀን ልብስ ሱቅ ውስጥ ትሠራለች። ሲመሻሽ ማንዳዚ የሚሉትን በዘይት የተጠበሰ ዳቦ በትኩሱ በጋዜጣ ጠቅልላ ትመጣና፣ ሻዩ እስኪፈላ የቤተ ክርስቲያን ሰዎች የሰጡንን አሮጌ ኮምፒውተር ትከፍታለች። ጨዋታዋ በአንዲት ትንሽ መንደር ማረስ ነው። ለእርሻው ግን ግድ አልነበራትም። ሐሳቧ ሁሉ አንድ አኩራፊ ሽማግሌ አናጢ ላይ ነበር። በየቀኑ እንቁላል ወይም ዓሣ ትወስድለታለች፤ በወሰደች ቁጥር ከስሙ አጠገብ ያሉት ልቦች አንድ በአንድ ይሞላሉ። አስሩም ሲሞሉ ጨዋታው ውስጥ በነጋታው በሩን ከፍቶ ታሪኩን ያጫውታል ይባላል።

ወደ አውስትራሊያ የመሄጃ ፕሮሰሷ ያለቀው በዚያው ሰሞን ነው። እሷ ወደ ናይሮቢ ቀድማ ስለመጣች የስደተኛነት ፋይሏ ለብቻ ነበር፤ ኋላ የተከተልኳት የእኔም ለብቻ። ይያያዛል ሲሉን ከርመው ሳይያያዝ ቀረ። እሷ ስትሄድ እኔ አጎታችን ቤት እንድገባ ተወሰነ። የቀረው የበረራ ቀን ብቻ ነበር።

«ይህን ሽማግሌ ሳላስቀው ከናይሮቢ ንቅንቅ አልልም» አለችኝ አንድ ቀን፣ ሻይ እየቀዳች። ቀልዷን ነው። የቸገረው እርጉዝ ያገባል እንዲሉ፣ እኔ ልቦቹ ካልሞሉ አትሄድም ብዬ ቀልዷን ተስፋ አድርጌ ያዝኩት።

ከሳይበር ካፌ ሴቭ ፋይል የሚያርም ፕሮግራም በፍላሽ አመጣሁ። ሐምሌ ነበር፤ ፀሐይ የማይወጣበት፣ የመንገዱ ጭቃ የማይደርቅበት የናይሮቢ ብርድ። ከትምህርት ቤት ስመለስ ጃኬቴን ሳላወልቅ ፋይሉን እከፍትና የሽማግሌውን ቁጥር ፈልጌ እቀንሳለሁ። ማታ መጥታ ታያለች።

«ምን በደልኩት?» አለችኝ በሦስተኛው ቀን። «ዓሣው አልተስማማው ይሆን?»

«እኔ ምን አውቃለሁ» አልኳት።

ዓሣውን ትታ ማር መውሰድ ጀመረች። ከእርሻዋ ምርጥ ምርጡን ለእሱ ታስቀምጣለች። እኔ ደግሞ ጠብቄ እቀንሳለሁ። አንድ ምሽት ሻይዋን ሳትጨርስ ኮምፒውተሩን አጠፋችና፣ «ሰው አያያዝ አላውቅበትም መሰለኝ» አለች። ያኔ መናገር ነበረብኝ። ማንዳዚዬን መብላቴን ቀጠልኩ።

የበረራው ቀን ግን በሽማግሌው ልብ አልተቆረጠም። በአንድ ሐሙስ ጠዋት ሄደች። ከኤርፖርት በማታቱ ሚኒባስ ብቻዬን ተመልሼ፣ ዕቃዬን ወደ አጎቴ ከማጓጓዜ በፊት ኮምፒውተሩን ከፈትኩና አስሩንም ልብ ሞላሁት። ጨዋታው ውስጥ ሲነጋ አናጢው በሩን ከፈተ። «ምሕረት፣ ስለ ዓሣውም ስለ ማሩም አመሰግናለሁ» የሚል ጽሑፍ ወጣ። በባዶው ክፍል ውስጥ ያንን ያነበብኩት እኔ ነኝ። እንደዚያን ቀን ብቸኝነት ተሰምቶኝ አያውቅም።

ምሕረት እሑድ እሑድ ትደውላለች። ብዙ ዓመት ሆናት፤ እዚያ ወዳጅ አላበጀችም። ስጠይቃት ሁልጊዜ በሳቅ ነው የምታልፈው። «እኔን ማን ይለምደኛል? ያ አናጢ እንኳ ማሬን በልቶ ፊቱን አዞረብኝ» ትላለች። አብሬያት እስቅ ነበር። በዚህ እሑድ ግን መሳቅ አቃተኝና ነገርኳት።



«ስንት ደርሼ ነበር?» አለችኝ።

«አስር። መጀመሪያ የከፈትኩት ቀን ሞልቶ ነው ያገኘሁት፤ አስረኛው የተመዘገበው ጨዋታውን ስትዘጊ ስለነበር አላየሽውም። እኔ ባልነካው በዚያው ማታ በሩን ይከፍትልሽ ነበር።»

ስልኩን አልዘጋችውም። ትንፋሿን እየሰማሁ ቆየሁ። እንዳትለየኝ ብዬ ያደረግኩት ነገር አላስቀራትም፤ ሰው አይወደኝም ብላ እንድትኖር ግን አደረጋት። ያኔ ከእኔ የሚፈለገው «አትሂጂብኝ» ማለት ብቻ ነበር። እሑድም ሁሉን ስናዘዝላት ያቺን ቃል ግን አላወጣኋትም።