መንገድ ላይ የተተከለ በር

ባሌ አናጺ ነው፤ ሰፈሩ የሚጠራው ግን «ጠርጣራው» እያለ ነው። ስሙን በከንቱ አላገኘውም። ሳንቃ የሚገዛው አሽትቶ፣ አንኳክቶ፣ በጥፍሩ ቧጥጦ ነው። ሐኪም «ጤነኛ ነህ» ካለው ሌላ ሐኪም ዘንድ ይሄዳል፤ ያኛውም ጤነኛ ነህ ካለው ሁለቱ ተመካክረዋል ማለት ነው። እኔንም ካገባኝ በኋላ ለምን እሺ እንዳልኩት ስንት ዘመን ሲያጣራ ኖሯል። «ምን አይተሽ ነው?» ይለኛል። ምንም አላየሁም ስለው ደግሞ ይቀየማል።

ሳይጠረጥር የሚያምነው ታናሽ ወንድሙን ብቻ ነበር። እናታቸው ስትሞት አቅፎ ያሳደገው፣ ጸጉር ማስተካከል ከፍሎ አስተምሮ ቤት የሠራለት እሱ ነው። የወንድምየው ቤት የመንገዳችን መግቢያ ላይ፣ የእኛ ደግሞ መጨረሻው ላይ ነው። አልጋና ቁም ሳጥን የሚጭነው መኪና በዚያች መንገድ ካልሆነ በሌላ አይገባም። እሷ ከተዘጋች እንጀራችንም ተዘጋ።

አንድ ቀን ከዘመድ ቤት ስንመለስ መግቢያው ላይ የብረት በር ቆሞ አገኘን።

«ለሌባ ነው ጋሼ» አለ ወንድምየው። «ላንተማ ሁሌም ክፍት ነው።»

እኔ ደስ አለኝ። ባሌ ግን የበሩን ብረት አንኳክቶ፣ በጥፍሩ ቧጥጦ ወደ ቤት ገባ።

«የሕዝብ መንገድ ላይ በር የሚተክል ሰው ያሰበው ነገር አለ» አለኝ። «ያልጠረጠረ ተመነጠረ።»

«ወንድምህ እኮ ነው።»

«እሱ ነው የጨነቀኝ።»

መንገዶች ቢሮ ሄዶ አመለከተ። «የወንድማማች ነገር ነው፣ በሽምግልና ጨርሱት» ብለው መለሱት። ስለዚህ አጎታቸው ሰበሰቡን። ፍርዳቸው አጭር ነበር፦ በሩ ይቆይ፣ ታናሽየው መተላለፉን ይፍቀድ፣ ታላቅየው ያመስግን። ወንድምየው ወዲያው ፈቀደ። ሁላችንም ወደ ባሌ ዞርን።

«አላመሰግንም» አለ።

«ምን ቸገረህ ልጄ? አንድ ቃል ናት» አሉት አጎቱ።

«ሰው የሚፈቅደው የራሱን ነው። ዛሬ ካመሰገንኩት መንገዱ የሱ ነው ማለቴ ነው። ነገ ቢከለክለኝ በምን አፌ እናገራለሁ?»

መሬት ተሰንጥቃ ብትውጠኝ በወደድኩ። ቤት ስንገባ ንዴቴን መቆጣጠር አቅቶኝ «አንተ የእናትህንም ጡት ጠርጥረህ ነው የጠባኸው» አልኩት። በሳምንቱ መንገዴን ዘጋብኝ፣ ሁከት ይወገድልኝ ብሎ ወንድሙን ፍርድ ቤት ከሰሰው። ዘመድ አዝማዱ ሁሉ ፊቱን አዞረብን።

ዳኛዋ መጀመሪያ የያዘችው ባሌን ነበር። መንገዱ የሁሉም ከሆነ አንተን ለይቶ የጎዳህ ምንድን ነው አለችው። በሩ ስለጠበበ ከሽምግልናው በኋላ ዕቃ ጫኙ መኪና ሳይገባ መመለሱን ነገራት። ከዚያ ወደ ወንድምየው ዞረች።

«ወንድምህን እንዳያልፍ ትከለክለዋለህ?»

«እሱን? በጭራሽ።»

«ቤቱን ብትሸጥስ? የሚገዛው ሰው ወንድምህን ያሳልፈዋል?»

ወንድምየው አንገቱን ደፋ።

«ገዢው በሩ እንዲቆይለት ነው የሚፈልገው» አለ።

ቤቱን ሊሸጥ መሆኑን ያን ጊዜ ሰማን። አጎትየው ከኋላዬ ጉሮሯቸውን ጠረጉ። ዳኛዋ በሩን በራሱ ወጪ እንዲያነሳ፣ መንገዱንም እንደነበረ እንዲመልስ፣ እምቢ ካለ መንገዶች ቢሮ አፍርሶ ወጪውን እንዲያስከፍለው አዘዘች።

ስንመለስ በኩራት ይኮፈስብኛል ብዬ ጠብቄ ነበር፤ ደግሞም ይገባዋል። እሱ ግን ገና ያልጨረሰው አልጋ ጠርዝ ላይ ተቀመጠና ፊቱን በመዳፉ ሸፈነ።

«እሷ ስትጠይቀው እኔ በልቤ ‹አልሸጥም በል፣ አልሸጥም በል› እያልኩት ነበር» አለኝ። «ዕድሜዬን ሙሉ ስጠረጥር ኖሬ፣ በሱ እንኳ አንዴ ብሳሳት ምን ነበረበት?»

አጠገቡ ተቀመጥኩ።